የቪትዟ ሽታ

ኪዳኑ ሽታውን መጀመሪያ ያወቀው ከተሳፋሪ ፊት ነው። ከደሴ ፒያሳ ወደ ኮምቦልቻ የጫናት ወጣት፣ የሐረጎን ቁልቁለት ሳይጀምሩ የሻርፗን ጫፍ አፍንጫዋ ላይ አደረገች። ቀጥላ መስኮቱን ከፈተች። ስትወርድ አላመሰገነችም። ስልኩን ሲያይ አንድ ኮከብ ብቻ ሰጥታዋለች፤ ከሥሩም «መኪናው ይገማል» ብላ ጽፋለች።

ተናደደ። ቪትዟን በየማለዳው ነው የሚያጥባት።

መኪናዋ የእሱ አይደለችም። ባለቤቷ ድርሻውን ይቀበላል፤ በስልክ ጥሪ የሚልክለት ድርጅትም ከእያንዳንዱ ጉዞ የራሱን ይቆርጣል። ነዳጅ ሲወደድ የሚጎድለው ከኪዳኑ ኪስ ነው። የቤት ኪራይ ሲያቅተው ሚስቱን ትህትናን ሐይቅ ወላጆቿ ዘንድ ላካትና እሱ መኪናዋ ውስጥ ማደር ጀመረ። ወንበሩን ያስተኛል፣ ጋቢውን ይከናነባል፤ የደሴ ብርድ ጫማ ስለማያስወልቅ እንደተጫማ ይተኛል። ጥሪ እንዳያመልጠው ቀኑን ሙሉ ከመሪው አይነሳም። የሚወርደው ሽንት ሲይዘው ነው። እሱም በዝቶበታል፤ ውሃ ስለማበዛ ነው ብሎ አልፎታል። ከሁለት ሳምንት በፊት ሐረጎ ላይ ጎማ ሲቀይር በቀኝ እግሩ ሚስማር ረግጦ ነበር። ከጫማው ሥር ነቅሎ ጣለው። ምንም ስላልተሰማው፣ ጫማው ጠንካራ በመሆኑ ደስ አለው።

ሽታው ግን ባሰ። የበሰበሰ ሥጋ ላይ ስኳር የተነሰነሰበት ይመስላል፤ ጉሮሮ ላይ ይለጠፋል። ምንጣፉን አውጥቶ አራገፈ፣ ወንበሮቹን በሳሙና ፈተገ፣ ሎሚ ሎሚ የሚል ሽቶ ነፋበት። ሎሚውና ብስባሹ ተቀላቅለው ጭራሽ አስመለሱት። እህል አስጠላው። በሩን ከፍተው ፊታቸውን የሚያኮማትሩትን ሰዎችም ጠላቸው።

ድርጅቱ መልእክት ላከበት፦ «ኮከብዎ እየወረደ ነው። ካልተሻሻለ ይታገዳሉ።» ሊያስረዳ ደወለ። ማሽን አነሳው፣ ዘፈን አሰማው፣ ዘጋበት።

ያን ጊዜ ተውፊቅን ጠረጠረ።

ተውፊቅ ፒያሳ ላይ ባጃጅ የሚነዳ ጎልማሳ ነው። በስልክ የሚጠሩት መኪኖች ከመጡ ወዲህ ባጃጆቹ ተራ ይዘው ሲያዛጉ ይውላሉ። ሌሎቹ ዝም ሲሉ ተውፊቅ አፉን አይቆጥብም። «እኛ እዚህ ፀሐይ ይመታናል፣ አንተ ከቤታቸው ደጅ ትለቅማቸዋለህ። አላህ ያያል!» ብሎት ያውቃል።

አንድ ቀን ቀትር ላይ ኪዳኑ መሪው ላይ እንዳለ እንቅልፍ ጣለው። ሲነቃ ተውፊቅ በተከፈተው መስኮት አንገቱን አስገብቷል።

ኪዳኑ ዘሎ ወረደ። «ምን ከተትክብኝ? አይጥ ነው? ድመት ነው?»

«ምን እከታለሁ? ያ ሽታ ሲመጣ፣ አንተም ስጠራህ ዝም ስትል፣ የሞትክ መስሎኝ ነው የተጠጋሁት።»

«ውሸታም!»

«ወላሂ! ተጣራሁ እኮ!»

ኪዳኑ በጥፊ አጮለው። የባጃጅ ነጂዎቹ መሀል ገብተው ገላገሉ። ተውፊቅ እጁን አላነሳበትም። ጉንጩን ይዞ ትንሽ አየውና «አንተ ሰውዬ፣ ደህና አይደለህም» አለው። ኪዳኑ ምራቁን መሬት ላይ እንትፍ ብሎ ሄደ።

መካኒኩ ሸረፈዲን መኪናዋን ሲፈታት ዋለ። ወንበሮቹን አወረደ፣ የአየር ማስገቢያውን ከፈተ፣ ሞተሩን በመብራት ፈተሸ። ኪዳኑ ከሻይ ቤት ሲመለስ መካኒኩ እጁን እየጠረገ ጠበቀው።

«አንድም የሞተ ነገር የለባት። እውነቱን ልንገርህ፣ እኔ ብዙም አልሸተተኝም።»

ለኪዳኑ፣ ሸረፈዲን የተውፊቅ ጎረቤት መሆኑ ትዝ አለው። ሁሉም ተመሳጥረውበታል። መኪናዋን አስገጥሞ፣ ሳይሰናበት ወጣ።

በማግሥቱ ጠዋት ከመናፈሻ ሰፈር ጥሪ መጣ። ዊዳድ የምትባል ሴት፣ ትንፋሽ ያጠራቸውን እናቷን ቦሩ ሜዳ ሆስፒታል ልታደርስ ነው። በሩን ስትከፍት ወደ ኋላ አፈገፈገች። ሌላ መኪና የምትጠብቅበት ጊዜ ግን አልነበራትም።

«ይቅር በሉኝ፣» አለ ኪዳኑ። «አንድ ምቀኛ የሞተ ነገር ደብቆብኝ ነው።»

«ግድ የለም ልጄ፣ አላህ ያጋልጠው» አሉ አሮጊቷ እማማ ጣይባ፣ አፍንጫቸውን በሻሻቸው ሸፍነው።

ኪዳኑ ዳገቱን በረረ። ቀኝ እግሩ ስለደነዘዘ ነዳጅ መስጠቱን የሚያውቀው ከሞተሩ ድምፅ ነበር። መቀመጥ ስለበዛ ነው፣ አለ በልቡ። ከኋላው የአሮጊቷ ትንፋሽ እንደ ተቀደደ ወናፍ ይፏጫል። ለመጀመሪያ ጊዜ ኮከቡንም፣ ድርጅቱንም ረሳ።

ሆስፒታሉ በር ላይ አልጋ እስኪመጣ አልጠበቀም። እማማ ጣይባን ታቅፎ አሁን በተወለወለው ኮሪደር ሮጠ። ወንጌላዊት የምትባል ነርስ ተቀብላ አስተኛቻቸው፤ ኦክሲጅን አደረገችላቸው። ቀስ በቀስ ደረታቸው ረጋ። ዓይናቸውን ገለጡ።

ዊዳድ አለቀሰች። «አላህ ይስጥህ ወንድሜ። አምስት ኮከብ ነው የምሰጥህ።»

ኪዳኑ ፈገግ አለ። ሰው ፊት ለፊት ቆሞ በደግ ሲያናግረው ከስንት ጊዜ በኋላ ነበር። ነርሷ ግን ቀና ብላ አፍንጫዋን በእጇ ጀርባ ሸፈነች።

ኪዳኑ አፈረ። «የመኪናዬ ሽታ ነው፤ ልብሴ ላይ ቀርቶ ነው። ይኸው አሁን እወጣለሁ።»

ወንጌላዊት አላዳመጠችውም። የምታየው ወለሉን ነበር። ከበሩ ጀምሮ እሱ እስከቆመበት ድረስ፣ በቀኝ እግሩ በኩል ብቻ፣ ቡናማ እርጥብ ዱካ ተከታትሏል።

«ወንድሜ፣» አለችው በቀስታ፣ «እዚህ ተቀመጥና ጫማህን አውልቅ።»