ጥሬው ጉርሻ

የፓስኳ የወደፊት አማት ቢላዋን በጥቁሩ የባሕር ዛጎል አፍ ሰክታ ስትጠመዝዘው፣ ሥጋው ብርቱካናማ ሆኖ ተገለጠ። «ሴቷ ናት፤ ወንዱ ነጣ ይላል» አለች። ሎሚ ስትጨምቅበት ጠርዙ ተኮማተረ፤ ነፍሱ አልወጣችም ነበር። በጣሊያኗ የወደብ ከተማ በታራንቶ ያሉ ዓሣ አጥማጆች፣ ልጃቸው ያጫት ልጅ ይህንን ጥሬውን ከአማቷ እጅ ካልጎረሰች እንደ ቤተሰብ አይቆጥሯትም። ከደጋ የመጣችው ፓስኳ ምራቋን ዋጠች። ያን ጊዜ ከሥጋው እጥፋት ምስር የምታክል ነጭ ሸርጣን ብቅ ብላ እግሮቿን አወራጨች።

«እድለኛ ነሽ፣ ከነተከራይዋ ደረሰሽ!» ብሎ የእጮኛዋ አባት ጠረጴዛውን መታ። «ምነው ፈራሽ? አይ የደጋ ሰው፣ ከበግ ሌላ የሚበላ አያውቅም!»

ጎረሰችው። ቀዝቃዛ ንፍጥ የመሰለ ነገር ምላሷን ሸፈነው፤ የባሕር ጭቃ ሸተታት፤ በመካከሉ ቀጫጭን እግሮች ላንቃዋን ቧጠጧት። መዋጥ ሲያቅታት ዓይኗን ገበታው ላይ ተከለች። በሁሉም ፊት ባዶ ዛጎል ተከምሯል። ለሁሉም ስትከፍት በቆየችው በአማቷ ፊት ግን አንድም አልነበረም። ቀና ስትል አማቷ እያየቻት ነበር።

«ነይ እስቲ የኔ ልጅ፣ ሎሚው ፈሶብሻል» አለችና ሽርጧን አፏ ላይ ለጠፈችው። ከዚያ በጆሮዋ «ትፊው» አለቻት። ፓስኳ ተፋችው።

«ዋጠችው!» አለች አማቷ ጮክ ብላ፣ ሽርጧን እየጠቀለለች። ቤቱ በጭብጨባ ተናጋ። በጨርቁ እጥፋት ውስጥ አንዲት ትንሽ ነገር አሁንም ትፈራገጥ ነበር።