የመጨረሻው ፉርጎ

ድርሰቱን ጽፎ ፊልሙን በራሱ ገንዘብ የሚያሠራው ሰውዬ፣ ይህ ትዕይንት ካልሰመረለት እንዳከተመለት ያውቅ ነበር። የጦር ምርኮኞች ወደ አገራቸው ሲመለሱ ለሚያሳየው ለዚህ ትዕይንት ብሎ ከሃምቡርግ የሰበሰባቸው ሴቶች፣ ባሎቻቸው በእርግጥም ከሩሲያ ምርኮ ያልተመለሱ፣ ባቡር ጣቢያው ላይ እንጨት መስለው ቆመዋል። ባቡሩ ሲገባ ወደ አንዷ ጆሮ ጎንበስ አለ።

«ወይዘሮ ኢርምትራውት፣ ባለቤትዎ ኤቫልት ተገኝቷል። የመጨረሻው ፉርጎ ውስጥ ነው።»

 ሻሿን ፈትታ ጸጉሯን በጣቶቿ አበጠረችና ሮጠች። ከፉርጎው የወረዱትን ተዋንያን አገጫቸውን እየያዘች አንድ በአንድ ፊታቸውን አየች።

ካሜራ ያዡ ቀና አለ። «ጌታዬ፣ ስትሮጥ ሳልቀርጻት አመለጠችኝ።»

«ምን ታንቀላፋለህ! ባቡሩን መልሱት» አለና ወደ ቀጣይዋ ሴት ዞረ። «የእርስዎስ ባለቤት ስሙ ማን ነበር?»

ይህችኛዋ የሆነውን ሁሉ ቆማ አይታለች። ቢሆንም ስሙን እየነገረችው ሻሿን መፍታት ጀመረች።