አብዱልመናን በሴት ልጅ የተሸነፈ ዕለት

"ሦስት ለሁለት!!"

ጌም ቤቱ በጩኸት ተናጋ...

አብዱልመናን የመጫወቻውን ጆይስቲክ አጥብቆ ያዘ።

ጊዜው 1998 ዓ.ም. ነው። ቦታው ጎንደር፣ አዲስ ዓለም። ፕሌይስቴሽን ቤቱ የራሱ የአብዱልመናን ነው። በኳስ ጌም የሰፈሩ ወጣት ሁሉ ሞክሮታል... አንድም ያሸነፈው የለም።

ዛሬ ግን ጨዋታው ሊያልቅ ሁለት ደቂቃ ሲቀረው እየተመራ ነው።

እየመራችው ያለችው ደግሞ ሚስጥር የምትባል የአሥረኛ ክፍል ተማሪ ናት!

ከአምባ ጊዮርጊስ መጥታ፣ ቤት ተከራይታ የምትማር ልጅ ናት። ጌሙን የለመደችው ከአከራዮቿ ልጆች ጋር ነው።

"ኧረ አብዱ! በሴት ልትበላ ነው እንዴ?" አለ አንዱ ከኋላ።

ቤቱ በሳቅ አውካካ።

አብዱልመናን ጨዋታውን አቆመው። "ቆይ፣ ውኃ ልጠጣ" ብሎ ከመጋረጃው ጀርባ ገባ።

ቆጣሪው ያለው እዚያ ነው...

እጁን ዘርግቶ አጠፋው።

"ኤጭ! መብራት ሄደ!" ብሎ ከሁሉም ቀድሞ የጮኸው እሱ ራሱ ነበር።

"ሲመጣ እንጨርሰው?" አለች ሚስጥር።

"ያላለቀ ጨዋታ አይቆጠርም። ደግሞ ሴት ልጅ ጌም ቤት ምን ትሠራለች? ሂጂ፣ ደብተርሽን አንብቢ!"

ወጣቶቹ እየሳቁ ሸኟት። ወጣች... ተመልሳም አልመጣችም።

ከዚያ ወዲህ ሴት ልጅ ብቅ ካለች "ይሄ የወንዶች ቤት ነው" እያለ ከበር ይመልስ ጀመር። ወሬ ሲነሳም "አንዷ ሞክራኝ ነበር፣ መብራት አዳናት" ይላል።

ዓመታት አለፉ። አብዱልመናን አገባ፣ ወለደ። ጌም በየሰው ስልክ ገባና ጌም ቤቱ ተዘጋ። እሱም የስልክ ዕቃ ሱቅ ከፈተ።

2010 ላይ ልጁ ያስሚን አራተኛ ክፍል ገብታለች። አንድ ቀን ከትምህርት ቤት መልስ ሱቁ መጣች።

"አባ! በኮምፒውተር ክበብ ጌም መሥራት ልንማር ነው! ወንዶቹ 'ጌም የወንድ ነው' ብለው ከወንበሬ አስነሱኝ... አዲሷ ቲቸር ግን ወደ ቦታዬ መለሰችኝ።"

"ምን ብላ?"

"እሷም ተማሪ እያለች እዚሁ አዲስ ዓለም ጌም ቤት ገብታ፣ ባለቤቱን ልታሸንፈው ስትል መብራት ጠፋ አለችን። አንዱ ልጅ 'ሰውየው ሆን ብሎ ነው ያጠፋው!' ሲላት፣ 'አይ፣ መብራት ሄዶ ነው' አለችው።"

አብዱልመናን በእጁ የያዘውን ስልክ አስቀመጠ...

"ስሟ... ስሟ ማን ነው?"

"ቲቸር ሚስጥር።"

በማግስቱ ትምህርት ቤቱ ሄደ። ከክፍል ስትወጣ ጠብቆ፣ አንገቱን እንደደፋ ነገራት።

"መምህርት... ያን ቀን መብራት አልሄደም። ያጠፋሁት እኔ ነኝ።"

"አውቃለሁ" አለችው። "ስወጣ የጎረቤቱ ሱቅ መብራት በርቶ ነበር።"

"ታዲያ ለልጆቹ ለምን መብራት ሄደ አሏቸው?"

ድምጿን ዝቅ አደረገች።

"ያስሚንን ሊወስዷት ሲመጡ አይቼዎታለሁ። ያንን ስናገር... እሷ ፊት ለፊቴ ተቀምጣ ነበር።"

አብዱልመናን መሬት ተከፍታ ብትውጠው በወደደ።

ያን ቀን ያስሚንን ከትምህርት ቤት ሲመልሳት፣ መንገድ ላይ አንድም ሳይደብቅ ነገራት።

ልጅቷ ቆም ብላ አየችው።

"ሰውየው አንተ ነህ?"

"አዎ።"

እጇን ከእጁ አውጥታ ቀድማው ሄደች... እስከ ቤት ድረስ ዞር ብላ አላየችውም።

እሱም ከኋላዋ ተከተላት። ምን ብሎ ይጥራት?

ወዳጆቼ... በሌላ ሰው ልጅ ላይ የዘጋነው በር አንድ ቀን በራሳችን ልጅ ላይ ይዘጋል። የበደልነው ሰው ገመናችንን ሲሸፍንልን ደግሞ ከስድብ በላይ ያማል።

እስቲ እውነቱን ንገሩኝ... እናንተ በአብዱልመናን ቦታ ብትሆኑ ለልጃችሁ ትናገሩ ነበር? ወይስ መምህሯ እንደሸፈነችላችሁ ዝም ትሉ ነበር?