አርብ እንዲጾም የተማለለት ወንዝ

«ዛሬ አርብ ነው… ሞተሩን አልነካም» አለ አዛናው።

ሚስቱ ደብሬ ጠውልጎ መሬት ላይ የተኛውን ሽንኩርት በጣቷ አሳየችው። የዓመት ቀለባቸው ያ ሽንኩርት ነው።

ዘመኑ 2003 ዓ.ም.፣ ቦታው ከወረታ ወዲያ ፎገራ ሜዳ ላይ ነው።

የርብ ወንዝ ከዓመት ዓመት እየቀጠነ ሄዷል። ከሁለት ዓመት በፊት የግብርና ባለሙያው በስብሰባ ላይ «የአየር ንብረቱ ተለውጧል፣ ሁሉም የድርሻውን ይወጣ» ሲል ሌላው አጨብጭቦ ቤቱ ገባ… አዛናው ግን እንቅልፍ አጣ።

በመንደሩ የመጀመሪያውን የውሃ ሞተር ያመጣው እሱ ነበራ… ከወንዙ ዳር ያለውን ሾላ የመነጠረውም እሱ። «ወንዙን ያደረቅሁት እኔ ነኝ» እያለ ከሰውነት ተራ ወጣ።

በመጨረሻ ልጁን ክርስትና ያነሳለት አበልጁ ደሞዝ መላ አመጣ። «እኛ ረቡዕና አርብ እንጾም የለ? ወንዙም ይጹም፣ በነዚህ ቀናት ሞተር አይነሳ» አለ። ባለሞተሮቹ ሁሉ ቤተ ክርስቲያኑ ደጅ ቆመው ማሉ። አዛናው አለቀሰ… ከዚያ ወዲህ ነው እንቅልፍ የወሰደው።

ሁለት ዓመት መሐላውን ጠበቀ።

ውሃው ግን ጭራሽ እየሸሸ ሄደ። አይ አዛናው… «ኃጢአቴ ቢከብድ ነው» ብሎ ንስሐ ገባ።

ያን ሽንኩርቱ የጠወለገበት አርብ የደብሬን ፊት ማየት ቢከብደው ወንዙን ተከትሎ ወደ ላይ ወጣ።

ድምፅ ከማይደርስበት ከወንዙ መታጠፊያ ማዶ የማሉት ሰዎች ሞተር ሁሉ ያጓራል… አንድ አይደል፣ ሁለት አይደል። መካከሉ ላይ ደሞዝ ሱሪውን ጠቅልሎ ውሃ ይመራል።

«አበልጄ… መሐላውስ?»

ደሞዝ አላፈረም። እንዲያውም እንደ ማባበል አደረገው።

«ተው እንጂ አበልጄ… እኛ የማልነው አንተ እንድትረጋጋ ብለን ነው። ጭንቀት ሊገድልህ ነበር እኮ።»

አዛናውን ከክህደቱ ይልቅ ያንገበገበው ለእሱ ማዘናቸው ነው። ሁለት ዓመት ሙሉ እንደ ሕፃን ሲያባብሉት ኖረዋል።

ቤቱ ተመልሶ በዚያው በአርብ ቀን የሞተሩን ገመድ ሳበ። ሞተሩ ተነሳ… ቱቦው ትንሽ ጭቃ ተፋና አየር ይስብ ጀመር። ወንዙ አልቆ ነበር።

ወገኖቼ… ይሉኝታ ሰውን ያባብላል እንጂ ማሳ አያጠጣም። ሰው ለማስደሰት ብቻ የተማለ መሐላ አንዱን ሞኝ ያደርጋል፣ ሁሉንም ያስጠማል።

እስቲ በሐቅ መልሱልኝ… እናንተ አዛናውን ብትሆኑና ወንዙ ውሃ ቢኖረው፣ መከዳታችሁን ባወቃችሁበት በዚያው አርብ ሞተሩን ታስነሱ ነበር ወይስ ብቻችሁን መሐላውን ትጠብቁ ነበር?