የእናቷ ሽርጥ

ይሄኛውም ድስት ከሸፈ። ልጅቷ ዝኩኒውን በስሱ ቆርጣ፣ ከሽንኩርት ጋር በጨው አሳድራ፣ አጥባ፣ ኮምጣጤውን በስኳር፣ በእርድና በሰናፍጭ ፍሬ አፍልታ፣ ሁሉንም በሙቅ ውሃ በተቀቀለ ጠርሙስ ሞልታ ከድናው ነበር። አባቷ አንድ ቁራጭ በሹካ አነሳ። ወደ መስኮቱ ብርሃን ከፍ አድርጎ አየው። ከዚያ ወደ አፉ ሳያስጠጋ መለሰውና ሳህኑን ገፋ።

«አባዬ፣ በሞቴ፣ አንዴ እንኳ ቅመሰው!»

አባቷ መናገር አይችልም። እናቷ በተቀበረች ሰሞን ወድቆ ምላሱ ተሳሰረ፤ አንድ እግሩም ይጎተታል። ከዚያ ወዲህ የሚበላው የእናቷን ጣፋጭ ዝኩኒ ብቻ ነበር። ቁም ሳጥን ውስጥ የቀረው የመጨረሻ ጠርሙስ ሲያልቅ እህል የሚባል ነገር እንቢ አለ። ሐኪሙ ሳይደብቅ ነግሯታል፤ እንዲህ ከቀጠለ አይከርምም። ያ ብረት ብቻውን ተሸክሞ የሚዞር በያጅ አጥንቱ ብቻ ቀርቷል። ሲጋራ ነው እያለ ያላግጥበት የነበረው የጥፍሩ ቢጫ ቀለም እንኳ ለቋል።

የእናቷ ዝኩኒ ሰፈሩን ሁሉ ያስጎመጀ ነበር። ምን ያደርጋል፣ ሚስጥሩን ይዛው ሄደች! ዝኩኒ ቤት በገባ ቁጥር የወጥ ቤቱን በር ከውስጥ ትቀረቅር ነበር። ልጅቷ ከውጭ ሆና የምትሰማው የእናቷን ዘፈንና ሳል ብቻ ነበር፤ ኮምጣጤ ሲሸታት ያስላት ነበር። አባቷ እንደሆነ ያን ቀን ከዓይን ይጠፋ ነበር። ውሃ እንኳ ቀድቶ የማይጠጣ ወንድ ምን ሊሠራ ቤት ይውላል?

ከእናቷ ሌላ ሚስጥሩን ታውቃለች ብላ የምታስባት አንዲት ሰው ብቻ ነች፤ አባቷን ልትጠይቅ የመጣችው የእናቷ እህት።

«አክስቴ፣ የጎደለው ምንድን ነው? ቀረፋ ነው? ቅርንፉድ?»

«እኔ ምን አውቄ!» አለች አክስቷ፣ ዓይኗን ሰብራ።

«ታውቂያለሽ! እያወቅሽ አባቴን በረሃብ ልትገድዪው ነው!»

«ቃል ሰጥቻለሁ፣ ልጄ። አፌን አታስከፍቺኝ።»

«ለሞተ ሰው? ለዝኩኒ?»

«ለሟች ብቻ መሰለሽ?»

«ምቀኛ! የእናቴን ስም ልትወርሺ ነው!»

የአክስቷ እንባ ዱብ ዱብ አለ።

ልጅቷ በሩን በአክስቷ ፊት ወርውራ ወጥ ቤት ገባች። የእናቷን ሽርጥ ከምስማሩ አንስታ አጠለቀች። ሰው ሁሉ ቁርጥ እናቷ ይላታል፤ በቁመትም በመልክም። ሽርጡ ግን ዛሬም መሬት ጠረገባት። ሐዘኑ አሳጥሮኝ ይሆናል ብላ በራሷ ቀለደች፤ ሳቁ ግን አልመጣላትም። ቅርጫቱ ውስጥ የቀሩትን ዝኩኒዎች መቁረጥ ጀመረች። አንዱ ወፈረ፣ አንዱ ሳሳ። ቢላዋው ከእጇ አመለጠና ወለሉ ላይ ወደቀ። እሷም አጠገቡ ቁጭ አለች።

«አባዬ፣ ሙያ የለኝም!» ብላ ጮኸች። «እናቴን መሆን አቃተኝ! ዓይኔ እያየ ልትሞትብኝ ነው፤ ምን ላድርግህ?»

ከበስተኋላዋ የሚጎተት እግር ሰማች። አባቷ ግድግዳውን ተደግፎ በሩ ላይ ቆሟል። እያነከሰ መጣና የቆረጠችውን አየው። አንዱን ቁራጭ አንስቶ ወደ መስኮቱ ብርሃን ያዘው፤ ወደ ቆሻሻው ባልዲ ወረወረው። ሌላውንም እንዲሁ። ከዚያ እጁን ሰጥቶ ልጁን ከወለሉ አስነሳት።

«እኔ አልተናገርኩም!» አለች አክስቷ ከበሩ ላይ፣ አፏን በእጇ ይዛ። «ምስክሬ ነሽ፣ እኔ አልተናገርኩም!»

አባቷ ሽርጡን ከልጁ ወገብ ፈታና ራሱ አጠለቀው፤ ልክ በቁመቱ ሆነ።