ከቁም ሳጥኑ ጀርባ

ሴት ልጁ ስለ ቤተሰባቸው ዘጋቢ ፊልም ልትሠራ ካሜራዋን ተሸክማ ስትመጣ፣ ሽማግሌው ደስ ያለው መስሎ ተቀበላት። ታሪኩን ቤተ ዘመዱ ሁሉ በቃሉ ያውቀዋል። በደርግ ጊዜ፣ የአሰሳው ሰሞን፣ ከቁም ሳጥኑ ጀርባ ባለችው ጠባብ ጓዳ አርባ ቀን ተደብቆ ከሞት ተረፈ፤ ምግብ ያቀብለው የነበረው ታናሽ ወንድሙ ግን ተይዞ በዚያው ቀረ። በየዓመት በዓሉ ሲያወራው ከንፈሩን ያልመጠጠለት የለም።

"አባዬ፣ እስቲ እንደያኔው ግባና ከውስጥ ሆነህ ንገረን" አለችው፣ ትንሽዬ ካሜራ ደረቱ ላይ እያሰረችለት።

ከዚያ ዘመን ወዲህ ቁም ሳጥኑን ከቦታው አስነስቶት አያውቅም። ጉልበቴን ያመኛል አለ፤ ወገቤን አለ፤ ማን ሰምቶት! ስንት ዓመት ያወራው ወሬ ራሱ አንገቱን ይዞ አስገባው። ቁም ሳጥኑ ተነሣ፤ ከውጭ ብቻ የሚከፈተው የጓዳዋ በርም ተቀረቀረበት።

ትከሻውና ግድግዳው ተጣበቁ። የካሜራዋ መብራት ደረቱ ላይ ቦግ ሲል፣ አፍንጫው ሥር ባለው የበሩ ሳንቃ ላይ በምስማር የተጫረ ጽሑፍ ታየው።

"ጋሼ፣ ክፈትልኝ።"

በዚያ ቤት እሱን ጋሼ የሚለው ታናሽ ወንድሙ ብቻ ነበር። ከሥሩም "ጋሼ፣ ክፈትልኝ" ይላል፤ ከዚያም ሥር፣ እስከ ወለሉ ድረስ።

ሽማግሌው ሳንቃውን በሁለት እጁ ደበደበ። "ልጄ! ክፈቺልኝ! በእናትሽ ክፈቺልኝ!"

ከውጭ ድምፅዋ በደስታ ተንቀጠቀጠ።

"እንደሱ ነው አባዬ! በቃ፣ እንደዚያው አንዴ ድገመው!"