እንደሌለሁ ቁጠሩኝ

ፊልም ሠሪዋ ደሴ ውስጥ ሁለት ልብስ ሰፊዎች የሚሠሩበት በረንዳ ላይ ካሜራዋን የተከለች ዕለት ሕጓን ተናገረች። «እንደሌለሁ ቁጠሩኝ። ይህን አድርጉ፣ ያን ድገሙ አልልም፤ ያመለጠኝ ያምልጠኝ።»

ሃያ ቀን ሙሉ ቃሏን ጠበቀች። ሽማግሌው ጋሽ እንድሪስ መርፌ ጠፋኝ ብለው በረንዳውን ሲያምሱት እንኳ፣ መርፌው ኮሌታቸው ላይ ተሰክቶ እያየችው ትንፍሽ አላለችም።

በሃያ አንደኛው ቀን ወጣቱ ሙሄ የስፌት መኪናውን አቆመ።

«ጋሼ፣ ያቺ ልጅ አለች እንዴ?»

ጋሽ እንድሪስ ዐይን ዐይኗን እያዩ፣ «የለችም» አሉ።

«እንግዲያው ልንገርዎት። ወድጃታለሁ።»

ቃሉ በጆሮ ማዳመጫዋ ጥርት ብሎ ገባ።

«አልተሰማም!» አለች ከካሜራው ጀርባ። «እስቲ ድገመው!»